ዲስክ ይሻላል ወይስ ዲጂታል? አንድ ጌም በአራት አይነት መንገድ ሲሸጥ የቱን እንግዛ

ድሮ ጥያቄው ራሱ አልነበረም፣ ጌም ማለት ዲስክ ወይ ካሴት ነው፣ ገዝቶ መክተት ነው በቃ። አሁን አንድ ጌም ልግዛ ብላችሁ ስትነሱ ያው አንዱ ጌም ሙሉው ዲስክ ላይ ያለ አለ፣ ትንሽ ነገር ብቻ ዲስኩ ላይ ሆኖ ሌላው ከኢንተርኔት የሚወርድ አለ፣ ሳጥኑ ውስጥ ቁልፍ ብቻ የያዘ ካርድ ወይ ኮድ የተጻፈበት ወረቀት ያለበት አለ፣ በቀጥታ ከስቶር የሚወርደው ዲጂታል አለ፣ አንዳንዱ ሰው ደግሞ ሁለቱንም ይገዛል (እሱንም እናየዋለን፣ ሁሌ እብደት አይደለም)። ዋጋቸው በወጡበት ሰሞን ብዙ ጊዜ ተመሳሳይ ወይ ተቀራራቢ ነው፣ ምታገኙት ነገር ግን በጣም ይለያያል፣ ሰው የሚሸወደው እዚህ ጋ ነው።

ክርክሩ ደግሞ እንደ ኳስ ድጋፍ ሆኗል፣ አንዱ የዲስክ ሰው ነኝ ይላል ሌላው ዲስክ የሽማግሌ ነገር ነው ይላል። የኔን አቋም ከአሁኑ ልናገርና ወደ ዝርዝሩ እንግባ፦ መምረጥ ያለባችሁ በየጌሙ ነው፣ ኮንሶሉ (እንደ ፕሌይስቴሽንና ኤክስቦክስ ያለው የጌም ማጫወቻ) ግን ዲስክ ማንበቢያ ያለው ይሁን። ማንበቢያ ካለው ሁለቱም አማራጭ ክፍት ነው፣ ከሌለው ግን ጌም ሳትገዙ ገና ግማሹ ምርጫ ተወስኖባችኋል። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው ምጽፈው።)

## በምን እንመዝናቸው

የመጀመሪያው የተጣራ ወጪ ነው። ሳጥኑ ላይ የተለጠፈውን ዋጋ እርሱትና ጌሙን ጨርሳችሁ ከተገላገላችሁት በኋላ ከኪሳችሁ የጎደለውን ቁጠሩ። ሁለተኛው ባለቤትነት፣ መሸጥ ይቻላል ወይ፣ ማዋስ ይቻላል ወይ፣ አንድ ቀን ሌላ አካል ሊወስድባችሁ ይችላል ወይ። ሦስተኛው ኢንተርኔት፣ ለመጀመር ስንት ጊጋ ማውረድ ይጠበቅባችኋል፣ ኔት ቢጠፋስ ይከፈታል? አራተኛው ዕድሜ፣ ከ10 ዓመት በኋላ እስቲ ልጫወተው ብትሉ ይሰራል ወይ። አምስተኛው ምቾትና ቤት ውስጥ መጋራት።

ስቶሬጅን (የኮንሶሉን ማከማቻ ቦታ) ብዙ ሰው መስፈርት ያደርገዋል፣ "ዲስክ ብገዛ ቦታ እቆጥባለሁ" ይላል። ፕሌይስቴሽን 4፣ ፕሌይስቴሽን 5 እና ኤክስቦክስ ላይ ይሄ አይሰራም። ዲስኩን ስትከቱት ጌሙ በሙሉ ወደ ኮንሶሉ ይገለበጣል፣ ከዛ በኋላ ዲስኩ የሚያስፈልገው "አዎ ይሄ ሰውዬ ገዝቶታል" ለማለት ብቻ ነው። ስለዚ ዲስክም ዲጂታልም የሚይዙት ቦታ ያው ነው፣ ፍጥነታቸውም ያው ነው ምክንያቱም ሁለቱም የሚነበቡት ከኮንሶሉ ስቶሬጅ ነው። የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን 5 825 ጊጋ ተብሎ የተሸጠ ሆኖ ለጌም የሚተርፈው 667 አካባቢ ነው፣ ኤክስቦክስ ሴሪስ ኤስ 512 ተብሎ 364 ገደማ ነው የሚተርፈው፣ ከ100 ጊጋ የሚበልጥ ጌም ደግሞ አሁን ብርቅ አይደለም። ቦታ ጥበት የሁለቱም ወገን ችግር ነው። ለየት የሚለው ኒንቴንዶ ስዊች ነው፣ ሙሉ ካርትሪጅ (በዲስክ ፋንታ ጌሙን የሚይዝ ትንሽ ካርድ) ከገዛችሁ ጌሙ ከካርትሪጁ ላይ ነው የሚሄደው፣ የመጀመሪያው ስዊች ውስጣዊ ስቶሬጁ 32 ጊጋ ብቻ ስለሆነ እዛ ላይ ልዩነቱ በጣም ይታያል።

## ጌሙ ሳይገዛ ኮንሶሉ ይወስናል

ፕሌይስቴሽን 5 በ2020 ሲወጣ ባለ ዲስክና ዲጂታል ኤዲሽን የሚባል ማንበቢያ የሌለው ሆኖ ነው የወጣው። በ2023 የመጣው ቀጠን ያለው ሞዴል ማንበቢያው ተነቃይ ሆነ፣ የዲጂታሉን የገዛ ሰው በኋላ ማንበቢያውን ለብቻው ገዝቶ ሊገጥም ይችላል ማለት ነው፣ ግን ስትገጥሙት አንድ ጊዜ ኢንተርኔት ይጠይቃል። በ2024 የወጣው ፕሮ ደግሞ ያን ሁሉ ዋጋ ተከፍሎበት ያለ ማንበቢያ ነው የሚሸጠው፣ ማንበቢያው ተጨማሪ ሂሳብ ነው። በኤክስቦክስ በኩል ሴሪስ ኤስ ማንበቢያ የለውም፣ የሚጨመርለትም የለም፣ ሴሪስ ኤክስ ደግሞ ባለ ማንበቢያም ያለ ማንበቢያም አለ፣ ስለዚ ስሙን ብቻ አይታችሁ አትግዙ። ስዊች 1ም ሆነ 2 የካርትሪጅ መክተቻ አላቸው።

እዚህ ላይ ሰው የማያስበው ነገር አለ። ማንበቢያ የሌለው ኮንሶል ሲገዛ በርካሽ አገኘሁ ይባላል፣ እውነትም ይረክሳል። ግን ኮንሶል ላይ ዲጂታል ጌም የሚሸጠው በዋናነት አንድ ሱቅ ነው፣ የኮንሶሉ ስቶር። የፕሌይስቴሽኑ ሶኒ ለምሳሌ ከኤፕሪል 2019 ጀምሮ ሌሎች ነጋዴዎች የሙሉ ጌም ኮድ እንዳይሸጡ አድርጓል፣ እነሱ አሁን የሚሸጡት የዋሌት (ስቶሩ ላይ ያለው ሂሳባችሁ) መሙያ ካርድ ነው። ዲስክ ሲሆን ግን አዲስ የሚሸጠውም፣ ያገለገለ የሚሸጠውም፣ ጨርሶት የሰለቸው ጎረቤታችሁም ይፎካከራሉ። በዓመት ሦስት አራት ጌም የሚገዛ ሰው በማንበቢያው ላይ የቆጠበውን ብዙም ሳይቆይ በጌም ዋጋ ልዩነት መልሶ ይከፍለዋል። በተጨማሪ ቤት ውስጥ የፕሌይስቴሽን 4 ዲስኮች ካላችሁ ፕሌይስቴሽን 5 ያነባቸዋል፣ ዲጂታል ኤዲሽን ላይ ግን ሁሉም ጌጥ ሆነው ይቀራሉ፣ ወደ ፕሌይስቴሽን 5 ቨርዥን በነጻ ወይ በትንሽ ክፍያ ማሳደግ የሚፈቅዱ ጌሞችም ዲስኩ ሳይገባ አያሳድጉላችሁም።

## ሙሉ ዲስክ ወይም ሙሉ ካርትሪጅ

ሂሳቡን በቀላሉ እንየው። ጌሙ 100 ነው እንበል። ዲስኩን በ100 ገዝታችሁ፣ ጨርሳችሁ፣ በ60 ብትሸጡት የወጣባችሁ 40 ነው። ዲጂታሉን ታግሳችሁ 50 ከመቶ ቅናሽ ሲደረግ ብትገዙ 50 ወጣባችሁ፣ ያውም ወራት ጠብቃችሁ። ያገለገለ ዲስክ በ60 ገዝታችሁ በ45 ብትሸጡ ደግሞ 15 ብቻ። ታሪክ ያለው፣ አንዴ ተጫውታችሁት የሚያልቅ ጌም ከሆነ በዚህ በኩል ዲጂታል አይቀርበውም። ግን ሂሳቡ የሚሰራው ቶሎ ከሸጣችሁ ነው። "ቆይ አንድ ቀን እደግመዋለሁ" ብላችሁ ሁለት ዓመት ካስቀመጣችሁት ዋጋው ይወርዳል፣ ከዛ ለመሸጥም ያሳፍራል፣ መደርደሪያ ሞላ ማለት ነው። ኒንቴንዶ ራሱ የሚሰራቸው ጌሞች ግን ዋጋቸው ቶሎ አይወድቅም፣ አዲሱም ብዙ ቅናሽ አይደረግበትም ያገለገለውም ዋጋውን ይዞ ይቆያል፣ ስለዚ እነሱን በካርትሪጅ መግዛት ገንዘብ ማስቀመጥ ነው ማለት ይቻላል።

ሌላው ጥቅም ስቶሩ ምንም ቢወስን ዲስኩ እጃችሁ ላይ መሆኑ ነው። ሳይበርፐንክ 2077 በዲሴምበር 2020 በችግሮቹ ብዛት ከፕሌይስቴሽን ስቶር ወርዶ እስከ ጁን 2021 አልተመለሰም ነበር፣ በዛ ስድስት ወር ውስጥ ዲጂታል የሚገዛ ሰው ምንም ማድረግ አይችልም፣ ዲስኩ ግን ሱቆች ላይ ነበር።

ጉዳቱስ? ዲስክ ይጫራል፣ ይጠፋል፣ ይሰረቃል፣ ልጅ ይቆምበታል። ብሉሬይ (የአሁኖቹ የጌም ዲስኮች አይነት) ላይ ዳታው ያለው ከስረኛው ገጽ 0.1 ሚሊሜትር ብቻ ገባ ብሎ ነው፣ ለዛ ነው ላዩ ላይ ጠንካራ ሽፋን ያለው፣ ከድሮው ዲቪዲ የተሻለ ጭረት ይችላል ግን ጥልቅ ጭረት ከመጣ ነገር አለቀ። ያገለገለ ስትገዙ ዲስኩን መብራት ስር አዘንብሉት፣ ከመሀል ወደ ዳር የሚሄድ ቀጭን መስመር ብዙ ጊዜ ችግር አያመጣም፣ ዙሪያውን ተከትሎ የሚሄደው ጭረት ነው የሚያስፈራው፣ ምክንያቱም ዳታው የተጻፈው በዛው አቅጣጫ ስለሆነ አንድ ጭረት ተከታታይ ዳታ ያጠፋል። ስትጠርጉትም ከመሀል ወደ ዳር እንጂ እያዞራችሁ አይደለም። የስዊች ካርትሪጅ ጭረት አያሰጋውም ግን ከአውራ ጣት ጥፍር ብዙም አይበልጥም፣ ልጆች እንዳይውጡት ብለው መራራ ኬሚካል ቀብተውታል (አዎ ቀምሰው ያረጋገጡ ሰዎች ሞልተዋል፣ እናንተ አትሞክሩት)።

ስለ ሀገር አይነትም አንድ ነገር። የፕሌይስቴሽን 4 እና 5 ዲስክም የስዊች ካርትሪጅም ከየትም ሀገር ቢመጣ በአብዛኛው ይከፈታል። ዲኤልሲው (ለብቻው የሚሸጠው የጌሙ ተጨማሪ ክፍል) ግን ሌላ ነው፣ ፕሌይስቴሽን ላይ ዲኤልሲ ከዲስኩ ሪጅን (ከተዘጋጀበት የዓለም ክፍል) ጋ መግጠም አለበት። የአውሮፓ ዲስክ ይዛችሁ የአሜሪካ አካውንት ላይ ተጨማሪ ክፍሉን ብትገዙ ጌሙ ጭራሽ አያየውም። ዲኤልሲ ያለው ጌም ያገለገለ ስትገዙ ሳጥኑ ጀርባ ላይ የየት ሀገር እንደሆነ እዩ።

እና በእርግጥ መነሳት አለ። ጌም ለመቀየር ከሶፋ ተነስቶ ዲስክ መለወጥ። ለአንዳንዱ ምንም አይደለም፣ ለአንዳንዱ ግን በቀን አራት ጊዜ ስለሚለዋውጥ በጣም ያናድደዋል።

## ሳጥን አለ፣ ጌም የለም

ጉድና ጅራት ከወደኋላ ነው እንደሚባለው ሳጥኑን ከፍታችሁ ዲስኩን ከከተታችሁ በኋላ ነው አንዳንዱ ነገር የሚገለጠው። ዱም፡ ዘ ዳርክ ኤጅስ በ2025 ሲወጣ የፕሌይስቴሽን 5 ዲስኩ ላይ የነበረው 85 ሜጋባይት ገደማ ነበር። ሜጋ ነው ያልኩት፣ ጊጋ አይደለም። የፕሌይስቴሽን 5 ዲስክ እስከ 100 ጊጋ የሚይዝ ሆኖ ሳለ ማለት ነው። ቀሪው ሁሉ ይወርዳል። ዲስኩን መሸጥ ማዋስ ትችላላችሁ፣ ያ ጥቅም አለ፣ ግን "ኔት ባይኖርም ከዲስኩ እጫናለሁ" ያላችሁት ህልም እዛው ያበቃል።

ስዊች 2 ደግሞ ይሄን ነገር በይፋ ስም ሰጥቶታል፣ ጌም ኪ ካርድ ይባላል። ካርዱ ውስጥ ጌም የለም፣ ቁልፍ ነው ያለው። መጀመሪያ ስትከቱት ጌሙን ከኢንተርኔት ያወርዳል፣ ከዛ በኋላ ያለ ኔት ይሰራል ግን ካርዱ ሁሌ ገብቶ መገኘት አለበት። በሌላ አነጋገር የዲጂታል ስቶሬጅ ጣጣም አለበት የካርትሪጅ መቀያየር ጣጣም አለበት፣ ሁለቱንም ዕዳ ይዞ ነው የመጣው። ከዲጂታል የሚሻልበት አንድ ነገር ከአካውንት ጋ ስለማይታሰር መሸጥና ማዋስ መቻሉ ነው፣ ከእጅ አይሻል ዶማ። ደግሞ የስዊች 2 ካርትሪጅ 64 ጊጋ ስለሚይዝ ቦታ ጠቦ ነው ለማለት ይከብዳል፣ ሳይበርፐንክ ራሱ ያን የሚያህል ጌም ሆኖ ሙሉው ካርትሪጁ ላይ ነው የወጣው። ቁጠባ ነው ነገሩ፣ ሙሉ ካርትሪጅ ለአሳታሚው ውድ ስለሆነ።

ከሁሉም የባሰው ኮድ ያለበት ሳጥን ነው። የሚያምር ሳጥን ትከፍታላችሁ፣ ውስጡ ኮድ የታተመበት ወረቀት ነው። ኮዱን አንዴ ካስገባችሁት በኋላ ዲጂታል ነው፣ አይሸጥም አይዋስም፣ የቀራችሁ ባዶ ፕላስቲክ ነው። ለስጦታ ካልሆነ በስተቀር ይሄን የምትገዙበት ምክንያት አይታየኝም።

እንዴት ታውቃላችሁ? ከመክፈላችሁ በፊት የሳጥኑን ፊት ታችኛውን ክፍል አንብቡ። ጌም ኪ ካርድ ከሆነ ታች ላይ ይጻፋል፣ ዳውንሎድ የግድ ከሆነም በትንሽ ጽሑፍ ፊቱ ላይ ወይ ጀርባው ላይ አለ። ሌላው ጌሙ በወጣ ሰሞን ያለ ኢንተርኔት ጭነው የሞከሩ ሰዎች ቪዲዮ ይለቃሉ፣ "ያለ አፕዴት ይሰራል ወይ" ብላችሁ ፈልጉ። ሙሉ ጌም ዲስኩ ላይ ቢኖር እንኳ ያ የመጀመሪያው ቨርዥን ነው፣ በኋላ የተስተካከሉት ነገሮች በአፕዴት ነው የሚመጡት፣ አንዳንዱ ጌም ያለ አፕዴት ይሰራል ግን ከነትኋኑ (ከነስህተቱ) ነው።

## ዲጂታል

ምቾቱን መካድ አይቻልም። ጌሙ ከመውጣቱ በፊት አውርዳችሁ ጠብቃችሁ ልክ ሰዓቱ ሲደርስ ትከፍታላችሁ፣ ዲስክ መቀየር የለም፣ የሚጫር የለም፣ ኮንሶሉ ቢቃጠል አዲስ ኮንሶል ላይ አካውንት ገብቶ ሁሉንም መልሶ ማውረድ ነው። ስዊች ለሚይዝ ሰው ደግሞ ቦርሳ ውስጥ ካርትሪጅ መቁጠር ይቀርለታል። ቅናሹም ቀላል አይደለም፣ ቆየት ያሉ ጌሞች ስቶር ላይ ዲስኩ በማያገኘው ዋጋ የሚሸጡበት ጊዜ አለ፣ በተለይ ከዲኤልሲው ጋ ተጠቃሎ ሲሸጥ። ትናንሽ ስቱዲዮዎች የሚሰሯቸው ጌሞች ብዙዎቹ ጭራሽ ዲስክ የላቸውም፣ እዛ ላይ ምርጫ የለም።

ሰው የማያውቀው ትልቁ ጥቅሙ ግን ቤት ውስጥ መጋራቱ ነው። ፕሌይስቴሽንና ኤክስቦክስ ላይ አንድ ኮንሶል ዋናዬ ነው ብላችሁ ትመዘግባላችሁ፣ እዛ ኮንሶል ላይ ማንም በራሱ አካውንት የእናንተን ጌም ይጫወታል፣ እናንተ ደግሞ በሌላ ኮንሶል ላይ በራሳችሁ አካውንት ገብታችሁ ያንኑ ጌም በዛው ሰዓት ትጫወታላችሁ። አንድ ግዢ ሁለት ኮንሶል። ሁለት ወንድማማቾች አንድ ዲስክ ይዘው ይሄን ማድረግ አይችሉም፣ ዲስኩ ያለበት ብቻ ነው የሚሰራው። ኒንቴንዶ በኤፕሪል 2025 ቨርቹዋል ጌም ካርድ የሚባል ነገር አምጥቷል፣ ዲጂታል ጌሙን ከአንዱ ኮንሶላችሁ ወደ ሌላው ታዛውራላችሁ፣ የቤተሰብ ግሩፕ ውስጥ ላለ ሰው ለ14 ቀን ታውሳላችሁ። ከግሩፑ ውጪ ላለ ጓደኛ ግን የለም።

አሁን ወደ መጥፎው። ዲጂታል ስትገዙ የምትገዙት ፈቃድ ነው። ይሄ ሴራ ምናምን አይደለም፣ ውሉ ላይ የተጻፈ ነው፣ ካሊፎርኒያ ከጃንዋሪ 1፣ 2025 ጀምሮ ዲጂታል ሻጮች "ግዛ" የሚል ቁልፍ ሲያስቀምጡ ፈቃድ እንጂ ንብረት እንዳልሆነ በግልጽ እንዲናገሩ በሕግ አስገድዳለች። አካውንቱ በስማችሁ ነው፣ ለሌላ ማስተላለፍ አይፈቀድም፣ በደንብ ጥሰት ከታገደ ላይብረሪው አብሮ ሊታገድ ይችላል።

የስቶር መዘጋት ላይ ግን ሰው ሁለት ነገር ያምታታል። ሽያጭ መቆምና መልሶ ማውረድ መቆም አንድ አይደሉም። የኒንቴንዶ የድሮ ኮንሶሎች የዊ ዩና የ3ዲኤስ ስቶር በማርች 2023፣ የኤክስቦክስ 360 ስቶር በጁላይ 2024 ሽያጭ አቁመዋል፣ ቀድሞ የገዛ ሰው ግን ከዛም በኋላ ማውረድ እንዲችል ተትቷል። ሶኒ በ2021 የፕሌይስቴሽን 3 እና የቪታን (በእጅ የሚያዘው ኮንሶሉ) ስቶር ልዘጋ ነው ብሎ ሰው ሲጮህ ሀሳቡን ቀይሯል። ፒ.ቲ. ግን ሌላ መልክ አለው፣ በ2014 በዲጂታል ብቻ የወጣ ነጻ የአስፈሪ ጌም ማሳያ ነበር፣ በ2015 ሲወርድ ከኮንሶሉ ያጠፋው ሰው መልሶ ሊያወርደው አልቻለም። ከዛ በኋላ ጌሙ ያለበት ፕሌይስቴሽን 4 ራሱ ተፈላጊ ዕቃ ሆነ።

ሪፈንዱም (ገንዘብ ማስመለሱም) ጠባብ ነው። ፕሌይስቴሽን ላይ 14 ቀን አለ ግን ማውረድ ከጀመራችሁ ቀረ፣ ስለዚ "ሞክሬ ካልወደድኩት እመልሳለሁ" አይሰራም። ኤክስቦክስ ትንሽ ለቀቅ ይላል፣ በ14 ቀን ውስጥ ብዙ ካልተጫወታችሁበት ጥያቄያችሁን ያያል። ኒንቴንዶ ዲጂታል ሽያጭን የመጨረሻ አድርጎ ነው የሚቆጥረው።

ኔትወርክ ሲጠፋስ? በፌብሩወሪ 2025 የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ ለ24 ሰዓት ገደማ ጠፍቶ ነበር። ኮንሶላቸውን ዋና አድርገው የመዘገቡ ሰዎች ዲጂታል ጌማቸውን ያለ ኔት ይጫወቱ ነበር፣ ያልመዘገቡት ግን ፈቃዱን የሚያረጋግጥ ሰርቨር ስለሌለ የራሳቸው ጌም ተቆልፎባቸው ዋሉ። ዲጂታል የምትገዙ ከሆነ ዛሬውኑ ሴቲንግ ገብታችሁ የኮንሶል መጋራትና ኦፍላይን መጫወት የሚለው ኦን መሆኑን እዩ። ባለሁለት ደረጃ ማረጋገጫም አብሩ፣ አካውንቱ ላይ ያለው ገንዘብ ከኮንሶሉ ዋጋ ሊበልጥ ይችላል።

## ኦንላይን ብቻ የሆነ ጌም ከሆነ

እዚህ ላይ ሁሉም እኩል ነው፣ አጭር ላድርገው። ዘ ክሪው የሚባለው የመኪና ጌም ሰርቨሩ በማርች 31፣ 2024 ሲዘጋ ዲስክ ያለውም ዲጂታል ያለውም አብረው ቀሩ፣ ብቻህን እንኳ ብትጫወት ሰርቨር ይፈልግ ነበር። ኮንኮርድ የሚባለው የኦንላይን ጌም በኦገስት 23፣ 2024 ወጥቶ ሴፕቴምበር 6 ተዘጋ፣ እሱ ቢያንስ ገንዘብ ተመልሶበታል። ሰርቨር የግድ የሚል ጌም በዲስክ ስትገዙ የምትገዙት ዕድሜ ሳይሆን ቶሎ የመሸጥ ዕድል ነው።

## ሁለቱንም መግዛት

ሙሉ ዋጋ ሁለት ጊዜ መክፈል ለብዙ ሰው ብክነት ነው። ትርጉም የሚሰጥበት ግን አለ። በየቀኑ የምትከፍቱት ጌም፣ ኳስ ይሁን ፍልሚያ፣ ዲስኩን ቀድማችሁ ገዝታችሁ በኋላ ዲጂታሉ በጣም ሲረክስ መግዛት፣ ከዛ ዲስኩን መሸጥ ወይ ማስቀመጥ። ወይ ደግሞ በተቃራኒው፣ በዲጂታል የወደዳችሁትን ጌም ያገለገለ ዲስኩን በርካሽ አግኝታችሁ ለዘለቄታው ማስቀመጥ። ሴቫችሁ (ጌሙ ውስጥ የደረሳችሁበት መዝገብ) አይጠፋም፣ ሴቭ የሚቀመጠው ኮንሶሉ ላይ እንጂ ዲስኩ ላይ አይደለም፣ የጌሙ ሪጅን አንድ እስከሆነ ድረስ ካቆማችሁበት ትቀጥላላችሁ። በወርሃዊ ክፍያ ያገኛችሁት ጌም ክፍያው ሲቋረጥ ቢቆለፍባችሁም ዲስኩን ከትታችሁ ያንኑ ሴቭ መቀጠል ይቻላል። ዲስክ ስላላችሁ ብቻ ዲጂታሉን በነጻ የሚሰጣችሁ ግን የለም፣ ኮንሶሎቹ ያን አይነት ቅያሪ የላቸውም።

## ባጭሩ

| መስፈርት | ሙሉ ዲስክ/ካርትሪጅ | ጌም ኪ ካርድ ወይ ባዶ ዲስክ | ኮድ በሳጥን | ዲጂታል | ሁለቱንም |
|---|---|---|---|---|---|
| የተጣራ ወጪ | ቶሎ ከተሸጠ ዝቅተኛ | መካከለኛ | ሙሉው ቀልጦ ይቀራል | በቅናሽ ጥሩ፣ በሙሉ ዋጋ ውድ | ከፍተኛ፣ አንዱ ካልረከሰ |
| መሸጥና ማዋስ | ይቻላል | ይቻላል | አይቻልም | አይሸጥም፣ ማዋስ ስዊች ላይ በቤተሰብ ብቻ | ዲስኩ ይቻላል |
| ለመጀመር ኢንተርኔት | ብዙ ጊዜ አያስፈልግም | የግድ | የግድ | የግድ | በዲስኩ ይወሰናል |
| ከ10 ዓመት በኋላ | ዲስኩና ኮንሶሉ ከቆዩ ይሰራል | ሰርቨሩ ካለ | ሰርቨሩና አካውንቱ ካለ | ሰርቨሩና አካውንቱ ካለ | የተሻለ ዋስትና |
| ሁለት ኮንሶል ባንዴ | አይሆንም | አይሆንም | እንደ ዲጂታል | ፕሌይስቴሽንና ኤክስቦክስ ላይ ይሆናል | ይሆናል |
| ምቾት | መቀያየር አለ | መቀያየርም ማውረድም | ጥሩ | በጣም ጥሩ | ጥሩ |

## ለማን የቱ

በጀታችሁ ጠባብ ከሆነና ጌም ጨርሳችሁ ወደ ሌላ የምታልፉ ሰው ከሆናችሁ፣ ማንበቢያ ያለው ኮንሶልና ያገለገለ ዲስክ። ሌላ ነገር አትስሙ። አንዱን ሽጡ ሌላውን ግዙ፣ አንድ ጌም ዋጋ ይዛችሁ ዓመቱን ሙሉ ትዞራላችሁ።

ኔታችሁ ደካማ ከሆነ ወይ በጊጋ የምትከፍሉ ከሆነ ሙሉ ዲስክ ነው፣ ግን ሳጥኑን አንብባችሁ። 85 ሜጋ ያለበትን ዲስክ ገዝታችሁ ቤት ስትደርሱ በማውረድ በኩል ከዲጂታል በምንም አትለዩም።

ቤት ውስጥ ሁለት ፕሌይስቴሽን ወይ ሁለት ኤክስቦክስ ካለና ልጆቹ አብረው የሚጫወቱት ጌም ከሆነ ዲጂታል ያዋጣል፣ እዚህ ላይ ዲስክ ወዳዶች ቢከፋቸውም እውነቱ ይሄ ነው። አንድ ኮንሶል ብቻ ካለና ልጆች ትንንሽ ከሆኑ ደግሞ ዲስክ ይሰበራል ካርትሪጅ ይጠፋል፣ በየቀኑ የሚጫወቱትን አንድ ሁለት ጌም በዲጂታል፣ ሌላውን በዲስክ አድርጉት።

ስዊች ይዛችሁ ብዙ የምትንቀሳቀሱ ከሆነ የኒንቴንዶን ጌሞች በካርትሪጅ፣ ትናንሾቹን በዲጂታል። ጌም ኪ ካርድ የሆነ ጌም ካጋጠማችሁ ራሳችሁን አንድ ጥያቄ ጠይቁ፣ ልሸጠው ነው? አዎ ከሆነ ካርዱን ግዙ፣ አይ ከሆነ ዲጂታሉን ግዙና ካርድ ከመቀያየር ዳኑ።

ሰብሳቢ ከሆናችሁ ሙሉ ጌም ዲስኩ ላይ እንዳለ ሳታረጋግጡ በወጣበት ቀን አትግዙ፣ ጥቂት ወር ብትጠብቁ አፕዴቱና ዲኤልሲው አንድ ላይ የታተመበት ሙሉ ኤዲሽን አንዳንዴ ይመጣል። ገንዘብ ችግር ያልሆነበትና ጊዜ የሌለው ሰው ዲጂታል ይግዛና ይጫወት፣ እሱን የሚከራከር አያስፈልገውም።

ያገለገለ ኮንሶል "ከነ 30 ጌሙ" ተብሎ ሲሸጥላችሁ ደግሞ ዲስክ ናቸው ወይስ አካውንት ላይ ያሉ ናቸው ብላችሁ ጠይቁ። አካውንት ላይ ከሆኑ ለጌሞቹ አንድ ሳንቲም አትጨምሩ፣ የመጀመሪያው ባለቤት ፓስወርዱን በፈለገ ሰዓት መልሶ መቀየር ይችላል፣ ያኔ ሠላሳውም ይሄዳሉ። ዲስክ ከሆኑ ሦስት አራቱን እዛው ክተቱና እስኪነሱ ጠብቁ፣ የማንበቢያው ድምጽ ከፍ ብሎ የሚያጉረመርም ከሆነ ወይ ዲስኩን እየተፋ ካስቸገረ ዋጋውን አስወርዱ።